የሰው እናት ሆኖ መኖር

34 ዓመቴ ላይ የ28 ዓመት ጎረምሳ ወለድኩ። ምጥ የለ፣ ገንፎ የለ። አንድ ዳይሬክተር ፒያሳ ካፌ ውስጥ አስቀመጠኝና ፊቴን አየት አድርጎ፣ "እህቴ፣ እናት ትሆኚልኛለሽ" አለኝ። እኔ የሄድኩት ለመሪ ተዋናይቷ ጓደኛ ሚና ነበር። ማኪያቶዬን ጨርሼ፣ ፀጉሬን ነጭ ሊቀቡኝ ተስማማሁ።

ይኸው 15 ዓመት ሞላኝ። ስንቱን ዳርኩ፣ ስንቱን ቀበርኩ። መንገድ ላይ ሰው ያስቆመኝና "አንቺን የት ነው የማውቅሽ? ቴሌ ነበር የምትሠሪው?" ይለኛል። ስሜን የሚያውቅ የለም። ፊቴን ግን ሁሉም ያውቀዋል። ቀረጻ ላይም ስሜ "ማዘር" ነው፤ ከፕሮዲዩሰሩ እስከ ጄነሬተር ጠባቂው።

ይህን የምጽፈው እንደኔ በረዳት ሚና መኖር ለምትፈልጉ ነው። ፖስተሩ ላይ ፊታችሁ ከቴምብር አይበልጥም። በትንሽ ገንዘብ የሚሠራ የግል ፊልም ግን ያለ እናት፣ ያለ አከራይ፣ ያለ ደላላ፣ ያለ ዘበኛ አይቆምም። መሪ ተዋናይ በዓመት አንድ ፊልም ቢሠራ ይበቃው ይሆናል። እኛ አራትም አምስትም ካልሠራን አይሆንም። ስለዚህ የእኛ ሙያ መጀመሪያ የሚደወለው ስልክ ላይ አይደለም ያለው። ሁለተኛው ላይ ነው። ያው ዳይሬክተር ለሚቀጥለው ፊልሙ መልሶ ሲደውል።

ወያላው ምን ብሎ ይጠራችኋል?

ከኦዲሽን በፊት ፊታችሁን እወቁ። መስታወት አትጠይቁ፣ እናታችሁንም አትጠይቁ። ታክሲ ተሳፈሩ። ወያላው "እናት፣ ጠጋ በይ" ካለሽ እናት ነሽ። እኔን ገና በ31 ዓመቴ "ማዘር" ብሎኛል፤ ያኔ ተናድጄ ሳልስቅለት ወረድኩ፤ አሁን ሳስበው የመጀመሪያ ካስቲንግ ዳይሬክተሬ እሱ ነበር። "ቦስ" የሚባል ወንድ አለ፣ "ፋዘር" የሚባል አለ፣ ምንም ሳይባል እጁ ላይ ብቻ ሂሳብ የሚጠየቅም አለ። ያ የመጨረሻው ሰው ጥሩ ሌባ፣ ጥሩ ፖሊስ፣ ጥሩ ጎረቤት ይወጣዋል።

ፊታችሁን ካወቃችሁ አትጣሉት። እኔ ሁለት ዓመት ፀጉሬን እየተተኮስኩ፣ ሜካፕ እየተለቀለቅኩ ኦዲሽን ለኦዲሽን ዞሬያለሁ። አንድም አላገኘሁም። ነጠላ ለብሼ የሄድኩ ቀን ያዙኝ።

ፎቶ ሁለት ይበቃል፤ አንዱ ፊት፣ አንዱ ሙሉ ቁመት፣ ሁለቱም ያለ ፊልተር። ቪዲዮ የአንድ ደቂቃ። የኦዲሽን ማስታወቂያ አሁን በአብዛኛው በቴሌግራም ነው የሚመጣው። "ለመመዝገቢያ ይህን ያህል ብር አስገቡ" ካለ ዝጉት። ሥራ የሚሰጥ ሰው ገንዘብ ይከፍላል እንጂ አይቀበልም።

ቡናው

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ። የአማርኛ ፊልም እናት ቡና ታፈላለች። ልጇ ቢያገባም ቡና፣ ቢታሰርም ቡና፣ ከአሜሪካ ቢመጣም ቡና። ቀላል ይመስላል። እኔም ቤቴ በየቀኑ የማደርገው ነው ብዬ ምንም ሳልዘጋጅ ሄድኩ።

ቡና አንዴ ከጠቆረ መልሶ አይነጣም። ዳይሬክተሩ ግን "በጣም ጥሩ፣ ከመጀመሪያው እንደገና" ይላል። በመጀመሪያው ፊልሜ ሩብ ኪሎ ጥሬ ቡና ነበር የተገዛው። ሦስተኛው ቴክ ላይ፣ ማለትም ትዕይንቱ ለሦስተኛ ጊዜ ሲቀረጽ፣ አለቀ። አንድ ልጅ ሱቅ ለሱቅ ጥሬ ቡና ፍለጋ ተላከ። እሱ እስኪመለስ ፀሐይዋ ከመስኮቱ ዞረች፤ ካሜራማኑ "ብርሃኑ አይገጥምም" አለ፤ የዚያን ቀን ቀረጻ ተበተነ። ማንም አልተቆጣኝም። ግን ያ ዳይሬክተር ሁለተኛ አልደወለም።

አሁን የቡና ትዕይንት ሲኖረኝ ማታ ቤቴ እቆላለሁ። ሦስት ፌስታል አዘጋጃለሁ። አንዱ ታጥቦ የደረቀ ጥሬ፣ አንዱ ገና ቡናማ መሆን የጀመረ፣ አንዱ ጠቁሮ ወዝ ያወጣ። ቀረጻ ላይ ከየትኛው ቃል ጋር የትኛው ቀለም እንደሚታይ ለኮንቲኒዩቲዋ ልጅ፣ አንዱ ቀረጻ ከሌላው እንዲገጥም ለምትከታተለው፣ እነግራታለሁ። "ልጄ ለምን አትነግረኝም" ስል ቡናማው ነው። "ወይኔ" ስል ጥቁሩ። ቴክ በተደገመ ቁጥር ምጣዱን ገልብጬ የሚገባውን እጨምራለሁ። ሠላሳ ሰከንድ አይፈጅም።

ከሰሉ ውጭ ይቀጣጠል። ለድምፅ ብለው በርና መስኮት ዘግተው ነው የሚቀርጹት። የጋመም ቢሆን የሚነድ ከሰል ባለበት ዝግ ክፍል መቀመጥ ራስ ምታት ብቻ አይደለም፣ ሰው ይገድላል። ይህን በትሕትና ሳይሆን ጮክ ብላችሁ ተናገሩ።

ከዚያ ሲኒው አለ። ሲኒ ሲጋጭ ለጆሮ ደስ ይላል፤ ለሳውንድ ማኑ ግን መርፌ ነው። ካሜራው በማያየው በኩል ረከቦቱ ላይ እርጥብ ጨርቅ አነጥፋለሁ። የምቀዳው ደግሞ ሌላው ሰው ሲናገር ነው። የእኔ ቃል ሲደርስ እጄ ያርፋል። እንዲህ ሳደርግ ሁለት ነገር አገኛለሁ። ድምፄ ንጹሕ ይወጣል። ሌላው ሰው ሲናገር ደግሞ የእኔ እጅ ሥራ ላይ ስለሆነ ካሜራው ራሱ ወደ እኔ ይመጣል። ልጁ "እስር ቤት ነበርኩ" ሲል ጀበናዋ አየር ላይ ትቆማለች። አንድ ሰከንድ። ከዚያ ትቀዳለች። ኤዲተሩ ያቺን ሰከንድ አይጥላትም። በስክሪፕቱ ላይ ለእኔ ምንም አልተጻፈም ነበር።

ይህን ከሌላ ሚና ጋር አስተያዩት። ዘበኛ ከሆናችሁ በሩ ነው። ቁልፉን ከየት ታወጣላችሁ? መኪናውን ታያላችሁ ወይስ ሰውየውን? ሰፈሬ ያለው ዘበኛ መጀመሪያ የሚያየው ታርጋውን ነው፤ ሰላምታው የሚወሰነው በዚያ ነው። ሄዳችሁ ተቀመጡ፣ ሻይ ጋብዙት፣ እጁን እዩ።

ስለ ምግብ አጭር ልበል። በጾም ቀን ዶሮ ወጥ ቢቀርብ አታኩርፉ፤ ከሁለት ቀን በፊት ለአልባሳትና ዕቃ ክፍሉ ንገሩ። እኔ ባለሁበት አንድ ጊዜ ድንች ልጠን፣ አለስልሰን፣ ቀይ ወጥ ውስጥ እንቁላል አድርገነዋል። ስክሪን ላይ ማንም አላወቀም። ጉርሻችሁ ትንሽ ይሁን። አሥር ጊዜ ልትጎርሱት ትችላላችሁ።

ድምፅና ደረት

የእኛ አገር ትወና መድረክ ላይ ያደገ ነው። ሀገር ፍቅር ቴአትር የተመሠረተው በ1927 ዓ.ም. ነው። የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም የሚባለው "ሂሩት አባቷ ማነው" የመጣው ከ30 ዓመት በኋላ፣ በ1957 ዓ.ም. ነው። እኔም የተማርኩት ቀበሌ አዳራሽ ውስጥ፣ መጨረሻ ወንበር ላይ ላሉት እየጮኹ ነው። የመጀመሪያ ቀን ቀረጻ ላይ "ልጄ!" ስል ሳውንድ ማኑ ማዳመጫውን ከጆሮው አውልቆ አየኝ። ማይኩ እኮ አንድ ክንድ ራስጌዬ ላይ ነበር።

መፍትሔው ሹክሹክታ አይደለም። ብዙ አዲስ ልጆች "ተፈጥሯዊ" ለመሆን ቃላቸውን ይውጡታል። በክፍሉ ውስጥ ላለው ሰው ብቻ ተናገሩ። ክፍሉ ትንሽ ከሆነ ድምፃችሁም ትንሽ ነው። ልጃችሁ በር ላይ ከቆመ እስከ በሩ።

ለቅሶ ደግሞ የራሱ ሕግ አለው። በመጀመሪያው የለቅሶ ትዕይንቴ ነጠላዬን አዘቅዝቄ፣ እንባዬ መጥቶልኝ፣ ደረቴን ደቃሁ። ማይኩ የተሰካው እዚያው ደረቴ ላይ ነበር። የሳውንድ ማኑን ጩኸት ሰምቼ ነው የቆምኩት። ሰውየው ጆሮውን ይዞ ከግቢው ወጣ። እኔ ያለቀስኩትን የሚያህል እሱ አለቀሰ።

ስለዚህ ማይክ ሲያደርጉላችሁ የት እንዳለ በእጃችሁ ንኩት። ደረት የምትመቱ ከሆነ ወደ ትከሻ ወይም ወደ ነጠላው እጥፋት እንዲያዛውሩት ጠይቁ። ሁለተኛ፣ ሙሉ ጩኸቱን ለመጀመሪያው ሾት አትስጡ። ብዙ ጊዜ የሚጀምሩት ከሩቅ ነው፤ ድንኳኑ፣ ለቀስተኛው፣ እናንተ እንደ ነጥብ። እዚያ ላይ ድምፃችሁ ካለቀ ካሜራው ፊታችሁ ላይ ሲመጣ ባዶ ትሆናላችሁ። "ቅርቡ መቼ ነው?" ብላችሁ ጠይቁ። መጠየቅ ነውር አይደለም። ከተቻለ ለቅሶው የቀኑ መጨረሻ ይሁን። ከለቅሶ በኋላ ሠርግ የቀረጽኩበት ቀን አለ፤ እልል ስል የወጣው ድምፅ የበር ማጠፊያ ይመስል ነበር።

ሦስተኛ፣ ነጠላውን እናንተ እወቁት። አልባሳት የሚሠራው ልጅ ወጣት ነው፤ የለቅሶውን ለቤተ ክርስቲያን፣ የቤተ ክርስቲያኑን ለለቅሶ ያለብሳችኋል። ተመልካች ግን አንድ አዛውንት እንኳ ቢኖሩ ያዩታል። የራሴን ሻንጣ ይዤ ነው የምሄደው። ሦስት ነጠላ፣ አንድ ጋቢ፣ ሹራብ፣ ነጠላ ጫማ፣ መቁጠሪያ፣ መስታወት የሌለው መነጽር። መስታወት ካለው መብራቱ ያብረቀርቅበታል። አዲስ ነጭ ጋቢም ካሜራ ላይ ይጮኻል፤ ፊታችሁ ይጠቁራል። ቀለል ባለ ሻይ ነክሬ ነው ያረጀሁት።

"እኔ እንዲህ አልልም"

ስክሪፕቱን የሚጽፉት ብዙ ጊዜ ልጆቼ የሚሆኑ ልጆች ናቸው። እናቲቱ በአንድ ገጽ አምስት ተረት ትተርታለች። የትኛዋ እናት ናት እንዲህ የምታወራው? ወይ ደግሞ "ውሳኔህን አከብራለሁ" ትላለች። የእኔ እናት አንድም ጊዜ ውሳኔዬን አክብራ አታውቅም። "እንዳሻሽ" ነበር የምትለው፣ ፊቷን አዙራ።

አስተካክሉት፤ ግን በልምምድ ጊዜ። ሰው ሁሉ ቆሞ፣ ጄነሬተር እየነደደ አይደለም። አንድ አማራጭ ብቻ፣ ከተጻፈው ያጠረ። "አንድ ጊዜ እንደተጻፈው፣ አንድ ጊዜ በእንዳሻሽ እንሞክረው?" ይበቃል። ያልተስማማ ዳይሬክተር ጥቂት ነው። እምቢ ካለ ደግሞ የተጻፈውን በደንብ በሉለት።

በ2007 ዓ.ም. "ላምብ" ካን ፌስቲቫል ለኦፊሴላዊው ምርጫ የበቃ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም ሆነ። ደስ ብሎናል። ከዚያ ወዲህ ግን እኔ የማገኘው ወጣት ዳይሬክተር ሁሉ ዝምታ ወደደ። "ማዘር፣ ምንም አትሥሪ፣ ዝም ብለሽ እይ" ይላል። ዝም ብሎ ማየትም ሥራ ይፈልጋል። እኔ ሰሃን እቆጥራለሁ። ስንት ሰሃን አለ፣ ስንት ሰው ይመጣል፣ እንጀራው ይበቃል ወይ? ተመልካቹ "እንዴት ያለ ጥልቅ ሐዘን!" ይላል። እኔ እንጀራ እየቆጠርኩ ነው።

ውሉ

እዚህ ላይ ወዳጄም ብትሆኑ አልራራላችሁም። ውል ጻፉ። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ከአንድ ፕሮዲዩሰር ጋር ተስማማን፤ ግማሹ ቀብድ፣ ግማሹ ፊልሙ ሲመረቅ። ደግ ሰው ነበር፣ ቤቴ መጥቶ በልቷል። ፊልሙ እስከ ዛሬ አልተመረቀም። ሀርድ ዲስኩ የት እንዳለ እንኳ እንጃ። ልከሰው አልችልም፤ ውሉ ላይ "ሲመረቅ" ነው የሚለው፣ አልተመረቀማ!

ስለዚህ ክፍያችሁን ከምረቃ ጋር አታያይዙት። ከቀረጻ ቀን ጋር አያይዙት። ስንት ቀን እንደምትቀረጹ ይጻፍ፤ ከዚያ ካለፈ በቀን ስንት እንደሚጨመር ይጻፍ። የመጨረሻው ክፍያ የመጨረሻው ቀረጻ ቀን ጠዋት፣ ሜካፕ ወንበር ላይ ሳትቀመጡ። ሌሊት ካለ ወደ ቤት የሚያደርሳችሁ መኪና ይጻፍ። ድምፅ ሊደገም ስቱዲዮ ብትጠሩ ይከፈላል ወይስ በዚያው ነው? ፊልሙ ሲኒማ ቤት ብቻ ነው ወይስ ዩቲዩብም ይወጣል? ዛሬ ፊልሙ ከሲኒማ ወርዶ ዩቲዩብ ላይ ነው ዕድሜውን የሚጨርሰው። ከዩቲዩቡ ድርሻ አገኛለሁ ብላችሁ ግን አትጠብቁ፤ እኔ አግኝቼ አላውቅም። ያንን አውቃችሁ ዋጋችሁን አስቀድማችሁ ጠይቁ።

በነፃ መሥራትስ? እሠራለሁ። ተማሪ ከሆነ፣ አጭር ፊልም ከሆነ፣ ሁለት ቀን ከሆነ። ያኔም ትራንስፖርትና ምሳ፣ የፊልሙም ኮፒ በአንድ ወር ውስጥ። ከእነዚያ ተማሪዎች ሁለቱ ዛሬ ከፍለው ያሠሩኛል።

ሰዓት

ከውጭ ሰዎች ጋር ስትሠሩ አንድ ጥያቄ አትርሱ፤ "በፈረንጅ ነው በሐበሻ?" የጥሪ ወረቀቱ ላይ "6:00" ይላል። እኔ እንደ ባላገር ስድስት ሰዓት ነው ብዬ፣ ቤቴን አጽድቼ፣ ሽሮ ሠርቼ፣ ቀትር ላይ ዘንጬ ደረስኩ። ሰዎቹ ከንጋቱ 12 ሰዓት ጀምሮ ቆመው ነበር። ተርጓሚው ልጅ ላብ በላብ ሆኗል። የሆነው ሆኖ ትዕይንቱ እናቲቱ የተደናገጠችበት ነበር። እሱን በአንድ ቴክ ጨረስኩላቸው።

በመሀል የሚኖረው

ቀረጻ የሌለባቸው ወሮች ይረዝማሉ። እኔ ፈረንሳይ ለጋሲዮን ትንሽ ሱቅ አለችኝ፣ እህቴ ትቀመጥልኛለች። እናንተም ስልክ ሲደወል ጥላችሁ የምትነሱበት ሥራ ያዙ። ቋሚ ሥራ ያለው ተዋናይ ሁልጊዜ "ቅዳሜ ብቻ ነው የምችለው" ይላል፤ ቅዳሜ ደግሞ ካሜራው ሠርግ ሄዷል።

ከትወና ሳይርቁ እንጀራ የሚሆነው ድምፅ ነው። ቃና ቴሌቪዥን በ2008 ዓ.ም. የውጭ ድራማ በአማርኛ ድምፅ ማሳየት ሲጀምር ለእኛ ዓይነቱ ተዋናይ አዲስ በር ተከፈተ። ሥራው ግን ትንፋሽ ይጠይቃል። አማርኛ ግሡን መጨረሻ ላይ ነው የሚያስቀምጠው። ስክሪኑ ላይ ያለችው ሴትዮ መጀመሪያ ተቆጥታ፣ ኋላ ስም ትጠራለች። እኛ ስሙን ጠርተን፣ ነገሩን ዘርዝረን፣ ግንባሯ ከተፈታ በኋላ ነው "አልፈልግም" የምንለው። ስለዚህ "አልፈልግም" ይቅደም፤ "አልፈልግም፣ ያንተን ገንዘብ!" አፏም ይገጥማል፣ ቁጣውም ቦታው ላይ ይሆናል። በነገራችን ላይ ስንጣላ ቤታችንም እንዲሁ ነው የምንናገረው።

ለልምምድ ከልቦለድ አንድ ገጽ በየቀኑ ድምፅ አውጥታችሁ አንብቡ። ወጋየሁ ንጋቱ "ፍቅር እስከ መቃብር"ን በሬዲዮ ሲተርክ አንድ ሰው ነበር፤ ሰሚው ግን ሙሉ አገር ነው የሚሰማው። ፈልጋችሁ ስሙት። ባላባቱና ሎሌው ሲነጋገሩ ድምፁን ብዙ አይለውጥም። የሚለውጠው ፍጥነቱን ነው። ባላባት አይቸኩልም።

ሽልማትም አለ። የጉማ ፊልም ሽልማት ከ2006 ዓ.ም. ጀምሮ ለረዳት ተዋናዮችም ይሸልማል። እኔ እስካሁን አጨብጭቤያለሁ። ጥሩ ቦታ ተቀምጬ፣ በራሴ ቀሚስ።

ይህን እየጻፍኩ ስልክ ተደወለ። ከዚህ በፊት አንድ ጊዜ አብሬው የሠራሁ ዳይሬክተር ነው።

"ማዘር፣ ሐሙስና ዓርብ ነፃ ነሽ?"

"ስንት ቀን ነው በሙሉ?"

"ሦስት። ምናልባት አራት።"

"አራተኛው ይጻፍ። ልጄ ስንት ዓመቱ ነው?"

"40 ይሆናል።"

ዝም አልኩ። እኔ 49 ነኝ።

"ቡና አለበት?" አልኩት።

"አለበት። ዓርብ።"

አንድ ኪሎ ጥሬ ቡና በፕሮዳክሽኑ ሂሳብ እንዲገዛ ነገርኩት። የምቆላው እኔው ራሴ ነኝ፤ ረቡዕ ማታ።